ጨዋታ በቀጥታ ማስተላለፍ ለምትፈልጉ ልጆች፣ እነዚህን ስህተቶች አደራ አስወግዷቸው

"ኮሜንታተር መሆን እፈልጋለሁ፣ ከየት ልጀምር" የሚል መልእክት ቴሌግራም ላይ በየጊዜው ይደርሰኛል፣ ለሁሉም በተናጠል መመለስ ስላልቻልኩ አንድ ላይ ልጻፈው ብዬ ነው። ከየት እንደሚጀመር ከማውራት ሰው የት የት ጋ እንደሚሳሳት መናገር ይቀለኛል፣ አብዛኛውን ራሴ ስለሰራሁት ነው፣ ቀሪውን ደሞ አብረውኝ የጀመሩ ጎበዝ ልጆች ሲሰሩት አይቻለሁ፣ አንዳንዶቹ በዛው ከሙያው ወጥተው ቀርተዋል፣ እስካሁን ያሳዝነኛል።

ትልቁ ስህተት ኳሱ የት እንዳለ አለመናገር ነው። አጎቴ አይኑን ካጣ ቆይቷል፣ ጨዋታ ሚከታተለው በሬዲዮ ብቻ ነው፣ መጀመሪያ በቀጥታ ያስተላለፍኩ ቀን ደስ ብሎኝ ማታ ቤቱ ሄድኩ፣ "ጋሼ እንዴት ነበር" አልኩት። ትንሽ ዝም አለና "አንተ ልጅ፣ ድምፅህ ጥሩ ነው፣ ግን ኳሱ የት ነበር?" አለኝ። እኔ 90 ደቂቃ ሙሉ "ድንቅ ኳስ፣ አደገኛ ሙከራ፣ ኦ ኦ ኦ" ስል ነበር፣ እሱ ግን ሜዳውን አንዴም አላየውም። እስከዛሬ ማይክ ስይዝ እሱ ነው ፊቴ ላይ ሚመጣው።

ይሄ ነገር ሬዲዮ ሲጀመር ጀምሮ የታወቀ ችግር ነው። ቢቢሲ ለመጀመሪያ ጊዜ የእግር ኳስ ጨዋታ በቀጥታ ያስተላለፈው እንደ ፈረንጆች ጥር 22 ቀን 1927 ነው፣ አርሰናልና ሼፊልድ ዩናይትድ ሃይበሪ ላይ፣ እና ያኔ ሰዎቹ ምን አደረጉ መሰላችሁ፣ የሜዳውን ስዕል በቁጥር 8 ቦታ ከፋፍለው መፅሄት ላይ አወጡት፣ አንዱ ጨዋታውን ሲያወራ ሌላው ከጎኑ ሆኖ ኳሷ ያለችበትን ቁጥር ይጠራል፣ አድማጭ ስዕሉን ፊቱ ዘርግቶ ይከታተላል። እኛ ስዕል የለንም ግን ቃል አለን፣ "አስራ ስድስት ከሃምሳው ጠርዝ ላይ"፣ "የቀኝ መስመሩን ይዞ"፣ "መሀል ሜዳውን ሳይሻገር"፣ "ቋሚውን ታክኮ"። አስራ ስድስት ከሃምሳ ስትሉ እኮ የሰፈር ህፃን ሁሉ የት እንደሆነ ያውቃል፣ እንደዚህ አይነት ያለቀለት ቃል እያለን "አደገኛ ቦታ ላይ" እያልን አናልፍ። በየትኛው አቅጣጫ ማን እንደሚያጠቃም ከእረፍት በፊትም በኋላም ተናገሩ፣ "ጊዮርጊስ ከግራ ወደ ቀኝ" ማለት ሁለት ሰከንድ አይፈጅም።

ከሱ ጋር ሚሄድ ሌላ ስህተት አለ፣ ውጤትና ሰዓት መርሳት። ታክሲ ውስጥ ገብቶ ሬዲዮውን የሰማ ሰው መጀመሪያ ሚፈልገው "ስንት ለስንት ነው፣ ስንተኛው ደቂቃ ነው" ነው፣ እናንተ ግን ከመጀመሪያው ጀምሮ እዛ ስላላችሁ ሁሉም ሰው ያወቀ ይመስላችኋል። አሜሪካ ውስጥ ሬድ ባርበር ሚባል የቤዝቦል አስተላላፊ ነበር፣ እንቁላል ሲቀቀል ሚለካባትን የ3 ደቂቃ የአሸዋ ሰዓት ፊቱ ያስቀምጥ ነበር፣ አሸዋው ባለቀ ቁጥር ውጤቱን ተናግሮ ይገለብጣታል። እኔ ስልኬን በየ3 ደቂቃው ንዝረት ላይ አድርጌ ኪሴ ውስጥ እይዛለሁ። በቃ ይሄው ነው፣ ከባድ ነገር የለውም ግን ማንም አያደርገውም።

አሁን ብዙ ሰው ማይነግራችሁን ልንገራችሁ፣ ከቋንቋችን ጋር የተያያዘ ነው። አማርኛ ግሱን መጨረሻ ላይ ነው ሚያመጣው። በእንግሊዝኛ ማን ምን እንዳደረገ ቀድሞ ይመጣል፣ ዝርዝሩ ከኋላ ይከተላል። በኛ ግን "ከቀኝ መስመር በኩል ከተከላካዩ ጀርባ የተሻገረለትን ኳስ በግንባሩ..." እያልክ ግሱ ሳይደርስ ኳሷ መረብ ውስጥ ናት፣ ጎረቤት ቤት ጎል ተብሎ ተጮሆ አልቋል አንተ ገና አረፍተ ነገርህን እየጨረስክ ነው። ጀማሪ ሁሉ እዚህ ጋ ይወድቃል፣ ምክንያቱም ት/ቤት የተማርነው አማርኛ ረጅም ነው፣ ዜናም ስናነብ ረጅም ነው። መፍትሄው አረፍተ ነገሩን መስበር ነው። "ሽመልስ። ወደ ግራ። አሻገረ! በግንባር! ውጪ፣ ለትንሽ።" ስምና ቦታ ብቻ በል፣ ግስ ካስፈለገ አጭሩን፣ ያዘ፣ መታ፣ ጨረፈ፣ አበረደ፣ ሸወደ፣ ገጨ። ረጅሙን አረፍተ ነገር ኳስ ለእጅ ውርወራ ወጥታ ሰው እስኪያመጣት ጠብቃችሁ ተናገሩት፣ ለሱ ሚሆን ጊዜ ሁሌም አለ።

በዛው ስለ ግስ ካነሳን፣ የሴቶች ጨዋታ ሲተላለፍ "ይመታል፣ ያሻግራል" ሚል አስተላላፊ ሰምቼ አውቃለሁ፣ ሎዛ አበራ ኳስ ይዛ እየሄደች "ይዟል"! አንደበት ስለለመደ ነው እንጂ ክፋት የለውም ይሉኛል፣ ግን ተጫዋቿን ላያት ልጅ ንቀት ነው። ከጨዋታው በፊት ለብቻችሁ 10 ደቂቃ ጮክ ብላችሁ "ይዛለች፣ አሻገረች፣ ትመታለች" እያላችሁ አንደበታችሁን አለማምዱት፣ ይሰራል።

ሌላው መጮህ ነው። መጮህ ጥፋት አይደለም፣ ሁሌ መጮህ ነው ጥፋቱ። የ10 ሺህ ሜትር ሩጫ 25 ዙር ነው፣ አምስተኛው ዙር ላይ ጉሮሮህን ከጨረስክ የመጨረሻው ዙር ደወል ሲደወል ምን ልትል ነው? ሲድኒ ኦሎምፒክ እንደ ፈረንጅ 2000 ላይ ሃይሌ ገብረሥላሴ ፖል ቴርጋትን የቀደመው በ0.09 ሰከንድ ነው፣ የዛ ውድድር ነገር በሙሉ ያለው የመጨረሻው ዙር ውስጥ ነው፣ ለሱ ድምፅም ቃልም ማስቀረት ያስፈልጋል። ቪን ስከሊ ሚባለው የዶጀርስ፣ የአሜሪካ ቤዝቦል ቡድን ነው፣ አስተላላፊ 67 የውድድር ዘመን ሰርቷል፣ እንደ ፈረንጅ በ1974 ሃንክ አሮን የቤብ ሩትን የሆምረን፣ ኳስን መትቶ ከሜዳ የማውጣት፣ ሪከርድ የሰበረ ጊዜ ኳሷ መውጣቷን ተናገረና ዝም አለ፣ ህዝቡ ሲጮህ አድማጩ እንዲሰማው ተወው። እኛ ጋ ዝምታ እንደ ቴክኒክ ችግር ነው ሚታየው፣ ጎል ሲቆጠር ግን ሶስት አራት ሰከንድ ማይኩን ለደጋፊው ብትሰጡት ምንም አትጎዱም። ቲቪ ላይ ከሆናችሁ ደሞ ይበልጥ፣ ሰውየው እያየ እኮ ነው።

ዝግጅት። ብዙ ማልልበት ምክንያት ስለሌለ እዚህ ላይ እቆያለሁ። ጨዋታ ማስተላለፍ ሚጀምረው ሜዳ ገብታችሁ ማይክ ስትይዙ ይመስላችኋል፣ እኔ ለ90 ደቂቃ ጨዋታ ቢያንስ አንድ ሙሉ ቀን እሰራለሁ። አንድ ትልቅ ወረቀት፣ በግራ አንዱ ቡድን በቀኝ ሌላው፣ ቁጥር በትልቁ፣ ስም፣ ከስሩ አንድ መስመር ብቻ፣ ከየት እንደመጣ፣ ስንት እንዳገባ ምናምን። ከአንድ መስመር በላይ አትፃፉ፣ በላይቭ ማንም አያነበውም። እና ተቀያሪዎችንም ፃፉ! ፓሪስ 2024 ላይ ታምራት ቶላ መጀመሪያ ተጠባባቂ ነበር፣ በሲሳይ ለማ ምትክ ገብቶ ማራቶኑን በ2:06:26 በኦሎምፒክ ሪከርድ አሸነፈ። ስለሱ ምንም ያልፃፈ አስተላላፊ የዛን ቀን ከ30ኛው ኪሎ ሜትር በኋላ ምን እንዳወራ አስቡት።

ለአትሌቲክስ ሂሳቡንም ቤት ጨርሱት፣ ለምሳሌ በ27 ደቂቃ ሚያልቅ 10 ሺህ አንዱ ዙር 64.8 ሰከንድ ነው፣ ይሄን ካወቃችሁ 66 ሲሮጡ "ቀዝቅዟል"፣ 62 ሲሮጡ "እየጠነከረ ነው" ማለት ትችላላችሁ፣ ካላወቃችሁ ግን "እየሮጡ ነው" ብቻ ነው ምትሉት። ሶስት ኢትዮጵያውያን አንድ አይነት መለያ ለብሰው ፊት ሲወጡ ደሞ በአሯሯጥ መለየት አለባችሁ፣ ሃይሌን ሰው ሁሉ በዛ በታጠፈ ግራ ክንዱ ነበር ሚለየው፣ ልጅ ሆኖ ደብተሩን ይዞ ት/ቤት ሲሮጥ የቀረበት ነው። የልምምድና የቆዩ ቪዲዮዎችን ድምፁን አጥፍታችሁ እዩ፣ ስሙን ሳታነቡ በትከሻው ለዩት።

የውጪ ስም ላይም እንዲሁ፣ "ኦዴጋርድ" ሚሉት ኖርዌጂያኑ ኳስ ተጫዋች በሀገሩ "ኧደጎር" ነው ሚባለው። እንደ ሀገሩ ሰው ማለት ግዴታ ነው አልልም፣ ግን አንዱን መርጣችሁ እስከመጨረሻው በሱ ሂዱ፣ በአንድ ጨዋታ ሶስት አይነት ስም ስትሉት አድማጭ ሶስት ሰው ይመስለዋል።

የሰው ድምፅ መቅዳት ሚባለው ስህተት ላይ ደሞ ልቤን ያመኛል። ደምሴ ዳምጤን ያልቀዳ ኢትዮጵያዊ አስተላላፊ ያለ አይመስለኝም፣ በ1980 ዓ.ም. ኢትዮጵያ አዲስ አበባ ላይ ዚምባብዌን በፍፁም ቅጣት ምት አሸንፋ የምስራቅና መካከለኛው አፍሪካ ዋንጫን ስትወስድ የሱ ድምፅ ነው በየቤቱ የገባው፣ በዛ ድምፅ ነው ያደግነው። ግን ሰው ሚወርሰው ጩኸቱን ነው፣ አብሮት የነበረውን አማርኛ አይወርስም፣ የቃል ሀብቱን፣ ነገሩን ማብረድና ማጋል ማወቁን። የዘንድሮ ልጆች ደሞ የእንግሊዝ አስተላላፊዎችን ነው ሚቀዱት፣ የነሱን አባባል ቃል በቃል አዙረው፣ ሲሰማ አማርኛም አይደለም እንግሊዝኛም አይደለም። አያቶቻችሁ ሲያወሩ ስሙ፣ ገበያ ውስጥ ሰው ሲጣላ እንዴት እንደሚያወራ ስሙ፣ ቃል ከዛ ነው ሚገኘው።

ደጋፊነት፦ ብሄራዊ ቡድን ሲጫወት "የኛ" ማለት ያለ ነገር ነው፣ እኔም እላለሁ። ጊዮርጊስና ቡና ሲገናኙ ግን የአንዱ ደጋፊ መሆናችሁ በድምፃችሁ ከታወቀ ግማሹን ከተማ አጣችሁ። በቃ።

አሁን ወደ መንገዱ ልምጣ፣ ማለቴ እንዴት ወደ ሙያው ይገባል ሚለው ጋ። እዚህ ሰው ሚሳሳተው በፕሪሚየር ሊግ መጀመር ሲፈልግ ነው፣ የእንግሊዙን ማለቴ ነው፣ ስቱዲዮ ቁጭ ብሎ ስክሪን እያየ። ስክሪን ሚያሳያችሁ ካሜራው የመረጠውን ብቻ ነው፣ ከኳሱ ጀርባ ማን እየሮጠ እንደሆነ፣ አሰልጣኙ ማንን እያሟሟቀ እንደሆነ አታዩም። ልምድ ካገኛችሁ በኋላ ግድ ይሆናል፣ ሰኔ 2014 ዓ.ም. ኢትዮጵያ ግብፅን 2 ለ 0 ያሸነፈችው እኮ "በሜዳዋ" ተብሎ ማላዊ፣ ሊሎንግዌ ላይ ነው፣ ሁሉም አስተላላፊ እዛ መሄድ አይችልም። መጀመሪያ ግን አይናችሁን ሜዳ ላይ አሰልጥኑት። የሰፈር ውድድር፣ የትምህርት ቤት፣ የከፍተኛ ሊግ ጨዋታ ሂዱ፣ ደጋፊ ከማይበዛበት ጥግ ተቀምጣችሁ ስልካችሁ ላይ እየቀዳችሁ አስተላልፉ። ሰው ያያችኋል፣ ይስቃል፣ ይሳቅ። ማታ ስሙት። ከዛ ኳሱ የት እንዳለ ስንት ጊዜ እንደተናገራችሁ ቁጠሩ።

ዲኤስቲቪ የሀገር ውስጡን ፕሪሚየር ሊግ በ2013 ዓ.ም. ማስተላለፍ ከጀመረ ወዲህ በአማርኛ ለሚያስተላልፍ ሰው በር ተከፍቷል፣ ከዛ በፊት ብዙዎቻችን የምናውቀው መንገድ የአየር ሰዓት ገዝቶ ኤፍኤም ላይ ፕሮግራም መስራት ነበር፣ አሁንም ብዙ ሰው በዛ ነው ሚገባው። በዛ መንገድ ስትገቡ ሁለት ነገር ተጠንቀቁ። አንደኛው፣ የዝውውር ወሬ ከኢንተርኔት እያዞሩ ማንበብ ላይ መቅረት፣ አምስት አመት ሰርቶ አንድ ጨዋታ በቀጥታ ያላስተላለፈ ልጅ አውቃለሁ፣ ጎበዝ ድምፅ ነበረው። ሁለተኛው የክፍያ ነገር ነው። እኔ አንድ ሙሉ የውድድር ዘመን በቃል ስምምነት ሰርቼ መጨረሻ ላይ ያገኘሁት የትራንስፖርት ብር ብቻ ነው፣ ስፖንሰር ሲመጣ ይከፈልሃል ነበር ሚሉኝ፣ ስፖንሰሩ መጣ፣ እኔ ጋ ግን አልደረሰም። ሰዎቹን ስለምወዳቸው ወረቀት መጠየቅ ነውር መስሎኝ ነበር። ነውር አይደለም። በአንድ ጨዋታ ስንት እንደሚከፈላችሁ፣ ከክፍለ ሀገር ለሚደረግ ጨዋታ ሆቴልና ትራንስፖርት ማን እንደሚችል፣ ድምፃችሁ ለማስታወቂያ ከተወሰደ ምን እንደሚታሰብ፣ አንድ ገፅ ላይ ፅፋችሁ አስፈርሙ። የቁማር ድርጅት ማስታወቂያ አንብብ ከተባላችሁ ደሞ አስቡበት፣ ጨዋታውን ምታስተላልፈውም "ዛሬ ያሸንፋል" ምትለውም አንድ አፍ ከሆነ አድማጭ የትኛውን ይመን?

እና የሰራችሁትን ሁሉ ቅጂ ያዙ። ጣቢያው ያስቀምጥልኛል አትበሉ፣ የኔ የመጀመሪያዎቹ ሁለት አመታት ስራ የትም የለም፣ ስራ ስጠየቅ ማሰማው አልነበረኝም፣ ያለኝ አጎቴ በካሴት ቴፑ የቀዳው አንድ የሁለተኛ አጋማሽ ብቻ ነው፣ በሱ ነው የተቀጠርኩት።