ማስኩን አታጥብቁት

እንቅልፍ ላይ ትንፋሽ እየተቆራረጠባችሁ ሲፓፕ (በማስክ በኩል አየር እየገፋ የአየር መተላለፊያው እንዳይዘጋ የሚያደርገውን ማሽን) ለምትጠቀሙ፣ በተለይ ድሬ ላላችሁ።

አባቴ ማሽኑን በጀመረ በሁለተኛው ሳምንት አፍንጫው ላይ፣ መነጽር የሚያርፍበት ቦታ፣ ቀይ ቁስል ወጣበት። አየር እየሾለከ ዓይኑን ሲያደርቀው ማሰሪያውን ያጠብቃል። ባጠበቀ ቁጥር ይብስበታል። መፍትሔው ማላላት ነበር። ጋደም ብላችሁ፣ ማሽኑ እየሠራ፣ ማስኩን ከፊት ትንሽ ሳብ አድርጋችሁ መልሱት። ፊት ላይ የሚያርፈው የማስኩ ጎማ በአየር ተነፍቶ ራሱ ቦታውን ይይዛል። ከዚያ መሹለኩ እስኪቆም ብቻ ጠበቅ አድርጉት። ጎማውን በየቀኑ ለብ ባለ ውሃና በለስላሳ ሳሙና እጠቡት። በድሬ ሙቀት ሌሊትም ላብ አለ፤ ወዝ ያለበት ጎማ ደግሞ ይንሸራተታል።

ጠዋት አፋችሁ ክው ብሎ ደርቆ የምትነሱ ከሆነ አየሩ በአፍ እየወጣ ሊሆን ይችላል። አፍንጫ ብቻ የሚይዝ ማስክ ከሆነ ስለሌላ ዓይነት ባለሙያውን ጠይቁ። የማሽኑ ማርጠቢያም (ውሃ ተጨምሮበት አየሩን የሚያረጥበው ክፍል) ይረዳል። ግን የቧንቧ ውሃ አትጨምሩበት! ድሬ ውስጥ ማንቆርቆሪያ ላይ የሚጋገረውን ነጭ ነገር ታውቁታላችሁ አይደል? እዚያም ያው ነው። ዲስቲልድ ውሃ (ተንኖ መልሶ የተጠራቀመ ንጹሕ ውሃ) አድርጉ፣ በየቀኑም ቀይሩት። አቧራው ስለሚበዛ የአየር ማጣሪያውንም ቶሎ ቶሎ እዩት።

ሆዳችሁ በአየር ተነፍቶ ካደረ ግፊቱን ራሳችሁ አትነካኩ፤ ለሐኪሙ ንገሩት። ማሽኑን ግን እባካችሁ አታቁሙ። አባቴን ሊያስተወው የነበረው ያቺ ትንሽ ቁስል ናት።