ከግድግዳው ማዶ ድብደባ ሲሰማ፦ ጎረቤት ምን ያድርግ?

በአራዳም ሆነ በቂርቆስ ያለ የቀበሌ ቤት ግድግዳው ጭቃ ነው፤ የልደታ ኮንዶሚኒየም ደግሞ ብሎኬት። ሁለቱም ድምፅ አያስቀሩም። ሴት ቤቷ ውስጥ ስትደበደብ ከፖሊስም ከሐኪምም በፊት የሚያውቀው ጎረቤት ነው። ይህን የጻፍነው ለዚያ ጎረቤት ነው።

እሷ ራሷ እስክትናገር መጠበቅ የማያዋጣው ለምን እንደሆነ ቁጥሩ ይናገራል። በ2008 ዓ.ም. በተካሄደው የኢትዮጵያ የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት፣ ትዳር ይዘው ከሚያውቁ ከ15 እስከ 49 ዓመት ሴቶች ውስጥ 34 ከመቶው በባላቸው አካላዊ፣ ወሲባዊ ወይም ስሜታዊ ጥቃት ደርሶባቸዋል። አካላዊ ወይም ወሲባዊ ጥቃት ከደረሰባቸው ሴቶች 66 ከመቶው ደግሞ እርዳታ አልጠየቁም፣ ለማንም አልተናገሩም። ከሦስቱ ሁለቷ ዝም ትላለች ማለት ነው። እዚያው ጥናት ላይ ባል ሚስቱን ቢመታ ቢያንስ በአንድ ምክንያት ተገቢ ነው ያሉት ሴቶች 63 ከመቶ ሲሆኑ ወንዶቹ 28 ከመቶ ናቸው። ምክንያት ተብለው የቀረቡት ምግብ ማሳረር፣ መከራከር፣ ሳይናገሩ መውጣት፣ ልጅ ችላ ማለትና አልጋ መከልከል ናቸው። ስለዚህ «ቻይው፣ ለልጆችሽ ስትዪ» የምትለው ብዙ ጊዜ የገዛ እናቷ፣ አክስቷ ወይም ቡና የምታጣጣት ጎረቤቷ ናት። ያቺ ጎረቤት እናንተ እንዳትሆኑ።

ድምፁ ሲሰማ

ብቻችሁን አትሂዱ፤ ሁለት ወይም ሦስት ሁኑ። በሩን አንኳኩና ሰበብ ይኑራችሁ፦ «ጋሼ፣ መብራት የጠፋው እኛ ቤት ብቻ ነው?»፣ «ውሃ መጣች እንዴ?» ዓላማው ማስታረቅ አይደለም፣ ምክርም አይደለም። እጁን ማቋረጥ ነው። ብዙ ሰው የሚሳሳተው «ለምን ትመታታለህ?» ብሎ ሲጀምር ነው። በሩ ሲዘጋ «ገበናዬን ለሰፈር አወጣሽው» ተብሎ ዱላው በእጥፍ የሚያርፈው እሷ ላይ ነውና። ከተቻለ እሷን ከቤት የሚያወጣ ነገር ተናገሩ፦ «እትዬ፣ ልጁ አተኩሶታል፣ መጥተሽ እይልኝ።» ነጠላዋን ጣል አድርጋ ከወጣች ቢያንስ ለዚያች ሌሊት ተርፋለች።

ቢላ፣ መጥረቢያ ወይም ሽጉጥ ካለ፣ ወይም ጩኸቷ በመሃል ድንገት ከተቋረጠ፣ በሩን አታንኳኩ። ወደ 991 ደውሉ። እዚህ ላይ ቃል ይወስናል። «ባልና ሚስት ተጣልተዋል» ካላችሁ ጉዳዩ ጠብ ነው፤ ጠብ ደግሞ ይቆያል። «አንድ ሰው ሴት እየደበደበ ነው፣ አሁን፣ ቢላ ይዟል፣ ሁለት ሕፃናት ውስጥ አሉ» በሉ። ቀጥሎ ክፍለ ከተማውን፣ ወረዳውንና ሁሉም የሚያውቀውን ምልክት ተናገሩ። የቤት ቁጥር በእኛ ሰፈር ብዙ አይረዳም፤ አንድ ወጣት አስፋልት ድረስ ወጥቶ ፖሊሶቹን ይቀበል። ክፉኛ ከተጎዳች የቀይ መስቀል አምቡላንስ 907 ነው።

«በባልና ሚስት መሃል አይገባም» ለሚላችሁ ሰው መልሱ ሕጉ ውስጥ አለ። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 564 በትዳር ጓደኛ ወይም ያለ ጋብቻ አብሮ በሚኖር ሰው ላይ የሚደርስ ጥቃት በአካል ጉዳት አንቀጾች እንደሚያስቀጣ ይደነግጋል። አንቀጽ 575 ደግሞ ራሱን ለአደጋ ሳያጋልጥ መርዳት እየቻለ፣ ሕይወቱ ወይም አካሉ በከባድ አደጋ ላይ ያለን ሰው ሆን ብሎ ጥሎ የሄደን ያስቀጣል።

«አነቀኝ» ካለች

ይህን ለብቻው የምናነሳው ሰው ስለሚያቃልለው ነው። ቡጢ ምልክት ይተዋል፤ ማነቅ ግን ብዙ ጊዜ ቆዳ ላይ ምንም አይተውም። እሷም «ምንም አልሆንኩም» ትላለች። ድምፅዋ ጎርንኖ እንደሆነ ስሙ። ምራቅ ስትውጥ ያማት እንደሆነ ጠይቁ። የዓይኗን ነጭ በብርሃን እዩ፤ እንደ መርፌ ጫፍ ያሉ ቀያይ ነጠብጣቦች ካሉ ደም ሥር ፈንድቷል ማለት ነው። ራሷን ስታ ከነበረ ወይም ሽንት አምልጧት ከነበረ በዚያች ሌሊት ሆስፒታል ትሂድ፣ «ጠዋት» አይባልም። የጉሮሮ እብጠትና በአንገት ደም ሥር የሚፈጠር የደም መርጋት ከሰዓታት፣ አንዳንዴም ከቀናት በኋላ ይገድላሉ። አንዴ ያነቀ ባል ደግሞ በጥፊ ብቻ ከሚመታው ይልቅ ለመግደል የቀረበ ነው። ለሐኪሙም ለፖሊሱም «መታኝ» ብቻ ሳይሆን «አንቆኛል» የሚለው ቃል በግልጽ ይነገር።

የመጀመሪያዎቹ ሦስት ቀናት

ክስ የሚቆመው ወይም የሚወድቀው እዚህ ነው። ብዙ ጊዜ የሚወድቀውም ካርድ ሲወጣ ነው። ነርሷ «ምን ሆነሽ ነው?» ስትላት ባልየው አጠገቧ ቆሟል፤ እሷም «ከደረጃ ወደቅኩ» ትላለች። ያ ካርዱ ላይ ይጻፋል። ከወር በኋላ ፍርድ ቤት ስትቀርብ ጠበቃው የሚያነሳው የመጀመሪያው ወረቀት እሱ ነው። ስለዚህ አብሯት የሚሄደው ጎረቤት ይሁን። ባልየው ካልተለየ ነርሷን በቀስታ «ለብቻዋ አነጋግሯት» በሉ። እሷም ማን፣ በምን፣ የት አካሏ ላይ፣ መቼ እንደመታት ትናገር። መጀመሪያ ትታከም፤ ፖሊስ ለሆስፒታሉ የሚጽፈው የሕክምና ማስረጃ መጠየቂያ ደብዳቤ በዚያው ቀን ወይም በማግሥቱ ሊከተል ይችላል።

ፎቶ አንሱ፣ በቀን ብርሃን። መጀመሪያ ፊቷ ጭምር እንዲታይ ከርቀት፣ ቀጥሎ ቁስሉን ከቅርብ። መጠኑ እንዲታወቅ ከቁስሉ አጠገብ የአንድ ብር ሳንቲም አስቀምጡ። በሁለተኛውና በሦስተኛው ቀን ድገሙት፤ በመጀመሪያው ቀን ቀላ ብሎ ብቻ የነበረው ቦታ ያን ጊዜ ጠቁሮ ይወጣል። በፊልተር አታሳምሩት፣ አትቁረጡት፣ ዋናውን አታጥፉት። የተቀደደና ደም የነካው ልብስ አይታጠብ፤ በወረቀት ከረጢት ይቀመጥ። ፌስታል ውስጥ እርጥበቱ ይታመቅና ልብሱ ይሻግታል፣ ማስረጃውም ይበላሻል።

ወሲባዊ ጥቃት ካለበት ገላዋን ሳትታጠብ ትሂድ። በመሃል ከተማ ጋንዲ መታሰቢያና ዳግማዊ ምኒልክ ሆስፒታሎች ሕክምና፣ የሥነ ልቦና ምክርና የፖሊስ ጉዳይ በአንድ ቦታ የሚስተናገዱባቸው ማዕከላት አሏቸው። የኤችአይቪ መከላከያው መድኃኒት በ72 ሰዓት ውስጥ መጀመር አለበት፣ የሚወሰደውም 28 ቀን ነው። የድንገተኛ እርግዝና መከላከያ እስከ አምስተኛው ቀን ይሰጣል፤ በቶሎ ሲወሰድ ግን የበለጠ ይሠራል። እዚህ ላይ የሚያንገበግበን ነገር አለ፦ አንቀጽ 620 አስገድዶ መድፈርን የሚቀጣው ከጋብቻ ውጭ ሲሆን ብቻ ነው። ስለዚህ ባሏ ከሆነ በመድፈር አይከሰስም። ያ ግን ወደ ሆስፒታል ላለመሄድ ምክንያት አይሁን፤ በዚያ ምክንያት የደረሰ የአካል ጉዳት በአንቀጽ 564 ይታያልና ይመዝገብ።

ፖሊስ ጣቢያ ስትደርሱ የሴቶችና ሕፃናት ጉዳይ መርማሪ ጠይቁ። «ሂዱና ታረቁ» ከተባላችሁ አትጨቃጨቁ፤ «ቃሌ ይመዝገብልኝ» ትበል፣ የመዝገብ ቁጥሩንና የመርማሪውን ስም ሳትይዝም አትውጣ። ቃሏ ከመፈረሙ በፊት ይነበብላት።

ሽምግልናውና ሦስት ወሩ

ሽማግሌ ሲላክ ምን እንደሚሆን ሁሉም ያውቃል። አንዱ ቀጠሮ ጾም ነው ተብሎ ይተላለፋል፣ ሁለተኛው ለቅሶ ደረሰ ተብሎ፣ በሦስተኛው ይቅርታ ይባላል፣ ጉልበት ይሳማል። ቀላል የአካል ጉዳትና እጅ እልፊት (የአካል ጉዳት ያላስከተለ ምት) ግን በሕጉ የሚያስከስሱት ተጎጂዋ አቤት ስትል ብቻ ነው፤ የአቤቱታው ጊዜም ድርጊቱን ወይም ፈጻሚውን ካወቀችበት ቀን ጀምሮ ሦስት ወር ነው። ሽምግልናው ያንን ሦስት ወር ይበላዋል። ሽማግሌዎቹ ክፉ ሰዎች ስለሆኑ አይደለም፤ ቀኑን የሚቆጥር ስለሌለ ነው። እናንተ ቁጠሩ። አቤቱታዋን መጀመሪያ ታስመዝግብ፤ ሽምግልና ከፈለገች ከዚያ በኋላ ትቀመጥ። ሕይወቷን ለአደጋ ያጋለጠ ወይም አካሏን ያጎደለ ከባድ ጉዳት ግን በእርቅ የሚዘጋ አይደለም፤ ቅጣቱም እስከ 15 ዓመት ጽኑ እስራት ይደርሳል።

ከረጢቱ እና ስልኩ

ሴት ይበልጥ የምትገደለው ልትለየው ስትነሳ ወይም በተለየች ሰሞን ነው። ስለዚህ «ጥለሽው ውጪ» ማለት ያለ ዝግጅት ከተባለ አደገኛ ምክር ነው። ዝግጅቱ እናንተ ቤት ይጀምር፦ አንድ ተራ የገበያ ከረጢት፣ ከእናንተ ልብስ ሥር። ውስጡ መታወቂያዋ፣ የጋብቻ ወረቀት፣ የልጆች የልደት ሰርተፍኬትና የክትባት ካርድ፣ የባንክ ደብተር፣ የቤት ካርታ ወይም የቀበሌ ቤት ውል ኮፒ፣ የምትወስደው መድኃኒት፣ ትርፍ ቁልፍና ጥቂት ቀን የሚያዘልቅ ገንዘብ ይኑር። ዋናውን ወረቀት ማውጣት ካሳወቀባት ፎቶው ይበቃል። ሁሉንም በአንድ ቀን አታውጣ፤ መሳቢያው ባዶ ሆኖ ሲያገኘው ይነቃል።

ስልኩን የሚረሳው ብዙ ነው። ሲም ካርዱ የተመዘገበው በባሏ ስም ከሆነ ሊያዘጋውና ራሱ መልሶ ሊያወጣው ይችላል፤ ቴሌብሩም አብሮ ይሄዳል። በራሷ መታወቂያ ሌላ ሲም ታውጣ፣ እናንተ ጋ ይቀመጥ። ቴሌግራሟን ስትከፍቱ ቅንብሩ ውስጥ «መሣሪያዎች» የሚለውን እዩ፤ የእሱ ስልክ እዚያ ካለ የምትጽፈውን ሁሉ ያነባል። ይህን ካወቃችሁ ግን ወዲያው አታስወጡት፣ መውጣቷን ያውቅበታል፤ ምሥጢሩን በአዲሱ ሲም ብቻ ተነጋገሩ።

ከተያዘ በኋላ

የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት መቅረብ አለበት፣ ይህ ሕገ መንግሥታዊ መብቱ ነው። ከዚያ በዋስ ሊወጣ ይችላል። እሷ «ታስሯል» ብላ ተኝታ ሳለ በሦስተኛው ቀን ደጃፏ ላይ የሚቆመው ለዚህ ነው። እነዚያ ሁለት ቀናት የማሸጊያ ጊዜ ናቸው። ቁልፉ ይቀየር ወይም እሷ ትውጣ፤ መርማሪውም በዋስ ከተለቀቀ እንዲደውልላት አስቀድማ ትጠይቀው።

ዘመድ ቤት እሱ የሚያውቀው ቤት ነው። የሴቶች ማረፊያና ልማት ማኅበርን የመሰሉ መጠለያዎች አድራሻቸውን አይናገሩም፤ መግቢያውን ፖሊስ ጣቢያው ወይም የወረዳው የሴቶችና ማኅበራዊ ጉዳይ ጽሕፈት ቤት ያስጽፋል። ልጆችን ይዛ መግባት ትችል እንደሆነ አስቀድማ ትጠይቅ፤ በተለይ ወንድ ልጅ ካላት ዕድሜውን ትናገር። ለምክር 6388፣ አለኝታ፣ ነፃ መስመር ነው። ቁጥሩን ከመከራው ቀን በፊት በራሳችሁ ስልክ ደውላችሁ ሞክሩት።

ፍቺ ከፈለገች በአዲስ አበባ የሚሠራው በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ ነው። አቤቱታው እንደገባ ፍርድ ቤቱ ስለ ቀለብ፣ ስለ ልጆችና ስለ ንብረት ጊዜያዊ ትእዛዝ ሊሰጥ ይችላል፤ ከቤት ማን ይውጣ የሚለውንም የልጆቹን ጥቅምና በመውጣት ይበልጥ የሚጎዳውን አይቶ ይወስናል። ይህን ጠይቁ፤ ሳይጠየቅ የሚቀረው እሱ ነው። በጋብቻ ጊዜ የተፈራ ንብረት በእሱ ስም ብቻ ቢመዘገብም የጋራ ነው ተብሎ ይገመታል። ሳይጋቡ አብረው ሦስት ዓመት ከኖሩም በዚያ ጊዜ የተገኘው የጋራቸው ነው። ጠበቃ መክፈል ካልቻለች የኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣል።

ደብተሩ

ባለ ሃምሳ ሉክ ደብተር ግዙ፣ እናንተ ቤት ይቀመጥ። በሰማችሁ ቁጥር በዚያው ሌሊት ጻፉ፦ «ጥቅምት 14፣ ማታ 3፡20። ዕቃ ሲሰበር ሰማሁ። ‹አትግደለኝ› ስትል ሦስት ጊዜ ሰማሁ። ትልቁ ልጅ ሲያለቅስ ነበር። 3፡35 ላይ እኔና አንድ ጎረቤት አንኳኳን፣ ባልየው በሩን ከፈተ፣ እሷን አላየኋትም። ጠዋት 1 ሰዓት ላይ ውሃ ስትቀዳ አየኋት፣ ግራ ዓይኗ አብጧል።» የሰማችሁትንና ያያችሁትን ብቻ ጻፉ። «ሰክሮ ነበር መሰለኝ» ዓይነት ግምት አትጨምሩ፣ መስቀለኛ ጥያቄ ላይ የምትወድቁት በእሱ ነው።

ከፒያሳና ከካዛንቺስ ሰው በልማት ሲነሳ ምስክርም አብሮ ተበትኗል። አንድ ግቢ የነበሩ ሰዎች ዛሬ አንዱ ገላን ጉራ፣ ሌላው አራብሳ ነው፤ መጥሪያው የሚሄደው ወደ ፈረሰው አድራሻ ነው። ስለዚህ በደብተሩ የመጨረሻ ገጽ ላይ አብሯችሁ የሰማውን ሰው ሁሉ ሙሉ ስም እስከ አያት፣ ሁለት ስልክና የማይጠፋ የአንድ ዘመዱን ስልክ ጻፉ። ቤት ሲቀየር መርማሪው ጋ ሄዳችሁ አዲሱን አድራሻ በመዝገቡ ላይ አስሞሉ።