ለልብ ወለዳችሁ በተቃራኒ ሐሳብ እውነትን የሚፈልግ የፍልስፍና ጎራ እንዴት ትፈጥራላችሁ?

ልብ ወለድ የሚጽፍ ሰው አንድ ቀን የጠቢባን ቤት መፍጠር ያምረዋል። አብዛኛውን ጊዜ የሚወጣው ግን ነጭ የለበሱ፣ ዝግ ብለው የሚናገሩ፣ ጥቅስ የሚደረድሩ ሽማግሌዎች ስብስብ ነው። አንባቢ ሁለት ገጽ አይታገሳቸውም። ምክንያቱም እነዚህ ሰዎች የሚያምኑት እንጂ የሚሠሩት ነገር የላቸውም። ስለዚህ «እውነት የሚገኘው ሁለት ሐሳብ ፊት ለፊት ሲጋጠም ነው» የሚል ጎራ መፍጠር ከፈለጋችሁ ከሥራቸው ጀምሩ።

1. ጎራውን የወለደውን ጥፋት ፈልጉ

ሰው ሁሉ ነገር ሰላም ሆኖለት «የሚቃወመኝ ሰው ፈልጉልኝ» አይልም። የሆነ ነገር ደርሶበት ነው። ለምሳሌ አንዲት ከተማ ግድብ ሠራች እንበል። ጉባኤው በሙሉ ድምፅ አጸደቀው። ስንጥቁን ያየ አንድ ግንበኛ ነበር፤ ሁሉም ሲስማማ እሱም ዝም አለ። ግድቡ ተደረመሰ። ከተረፉት ጥቂቶቹ «ከእንግዲህ ተቃዋሚ ያልቀረበበት ነገር አይጸድቅም» ብለው ማሉ። በቃ፣ ጎራችሁ ተወለደ። የሚፈራው ነገርም አብሮት ተወለደ፤ እሱ ደግሞ በኋላ በጣም ይጠቅማችኋል።

2. አንድ ሕግ ስጡት፣ ሕጉ ግን የሚያም ይሁን

ዋናው ሥራ እዚህ ነው። አሥር መመሪያ አትጻፉ፤ አንድ ይበቃል። እኔ ብሆን ይህን እመርጣለሁ፦ «ባላጋራህ ‹አዎ፣ ያልኩት ይህንን ነው› እስኪልህ ድረስ ሐሳቡን በራስህ አፍ ካልተናገርክ መልስ መስጠት አትችልም።» ከዚያ ሕጉን ለማስረዳት አትድከሙ። ሰው ላይ ሲሠራ አሳዩት፦

ተማሪዋ ቆማለች። ፊቷ የተቀመጡት አዛውንት ግድቡ እንደገና ይሠራ ባይ ናቸው። እሷ ወንድሟን የወሰደው ያ ጎርፍ ነው።

«የሚሉት፣ ውሃ ከሌለ ልጆቻችን ይራባሉ ነው።»

«አይደለም። እንደገና።»

«ከጎርፉ ይልቅ ድርቁ ብዙ ሰው ይገድላል ነው የሚሉት።»

«ቀርበሻል። አልደረስሽም።»

ዝም አለች። እጇን ቀሚሷ ላይ ጠረገች። «የሞቱት ሰዎች ዕዳ አለብን፤ ዕዳው የሚከፈለው ያንኑ ግድብ በትክክል ስንሠራው ነው። የሚሉት ይህንን ነው።»

«አዎ። ያልኩት ይህንን ነው።»

ስለ ፍልስፍናው አንድም ዓረፍተ ነገር አልተጻፈም፤ አንባቢው ግን ገብቶታል። የባላጋራዋ ጠንካራ ክርክር የወጣው ከራሷ አፍ ነው። ከዚህ በኋላ የምትሰጠው መልስ ክብደት ይኖረዋል።

እንዲህ ያለው ልምምድ በእውኑ ዓለምም ይሠራል። እ.ኤ.አ. በ1984 በታተመ የሥነ ልቦና ሙከራ ላይ ሰዎች በሚያከራክር ጉዳይ ላይ የተሠራ ጥናት እንዲመዝኑ ተሰጣቸው፤ «አታዳሉ» ብሎ መምከር ብዙም አልረዳም። «ይኸው ጥናት ተቃራኒ ውጤት ይዞ ቢመጣ ኖሮ እንዲሁ ትፈርዱ ነበር?» ብለው ራሳቸውን እንዲጠይቁ ሲደረግ ግን አድልዎው ቀነሰ። ስለዚህ ለጎራችሁ ጥያቄ ስጡት፤ ምክር አይጠቅመውም።

3. ለዕለት ተዕለቱ ከታሪክ ተበደሩ

የት ይቀመጣሉ? ማን ይቆማል? በቲቤት ገዳማት ክርክር ተጠያቂው ተቀምጦ፣ ጠያቂው ቆሞ እጁን እያጨበጨበ ይሞግታል። የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን እ.ኤ.አ. ከ1587 ጀምሮ ለቅድስና በታጨ ሰው ላይ ማስረጃ የሚፈልግ ሹም ነበራት፤ ሕዝቡ «የሰይጣን ጠበቃ» ይለዋል። ሥልጣኑ እ.ኤ.አ. በ1983 ተቀነሰ። እንዳለ አትገልብጡ። የእናንተ ጎራ ግድብ ፈርሶበት የተነሣ ነውና ክርክሩን የፍርስራሹ ድንጋይ ላይ ቢያደርግ ያምርበታል።

4. ሲበላሽ ምን እንደሚመስል አስቡ

በ155 ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ካርኔአዴስ የተባለ ፈላስፋ ከአቴንስ ለመልእክት ወደ ሮም ሄደ። እዚያም አንድ ቀን ለፍትሕ ተከራከረ፤ በማግሥቱ ደግሞ ያንኑ ንግግሩን አፈረሰው። ወጣቶቹ ተማረኩ። የሮም ፖለቲከኛ የነበረው ሽማግሌው ካቶ ግን ደነገጠ፤ መልእክተኞቹ ቶሎ ጉዳያቸው አልቆ ወደ አገራቸው እንዲመለሱ ሴኔቱን ወተወተ።

እኔ ሁለቱም ወገን እውነት አለው ባይ ነኝ፤ የካቶን ፍርሃት ታሪካችሁ ውስጥ አስገቡት። በጎራው ውስጥ ለየትኛውም ነገር መከራከር የሚችል፣ በምንም ነገር ግን የማያምን አንድ ሰው ይኑር። ጎበዝ ይሁን፤ ተወዳጅም ይሁን። የውጭ ሰዎች ጎራውን የሚጠሉት በእሱ ምክንያት ይሁን።

5. እንዴት እንደሚወስኑ ቁረጡ

ብዙ ጸሐፊ የሚዘለው ይህንን ነው። ፈረንሳዊው ፈላስፋ አቤላርድ በ12ኛው መቶ ዘመን በ158 ጥያቄዎች ላይ የሚጋጩ ጥቅሶችን ጎን ለጎን አስቀምጦ መልሱን ለአንባቢ ተወው። ለመማሪያ ግሩም ነው። የእናንተ ከተማ ግን ግድቡን ወይ ትሠራለች ወይ አትሠራም። ውሃው አይጠብቅም።

አንድ መንገድ ይኸውላችሁ፦ ውሳኔው በመዝገብ ሲጻፍ የተሸነፈው ክርክርም ከሥሩ ሙሉውን ይሰፍራል፤ በየዓመቱም ያሸነፈው ወገን ቆሞ ጮክ ብሎ ያነበዋል። ያንን የተሸነፈ ክርክር እናንተም አሳጥራችሁ አትለፉት። እንደምታምኑበት አድርጋችሁ ከዳር እስከ ዳር ጻፉት፤ ከዚያ በነገሩ ከማይስማማችሁ ወዳጅ ፊት አስቀምጡና «ያልኩት ይህንን ነው» ይል እንደሆነ ጠይቁት።