የማክስ ሞስሊን ዘጋቢ ፊልም ስታዩ እንዳትሳሳቱ

ደብረ ማርቆስ ውስጥ ቅዳሜ ማታ ተሰብስበን ፊልም እናያለን። ባለፈው እ.ኤ.አ. በ2020 ስለ ማክስ ሞስሊ የተሠራውን ዘጋቢ ፊልም አየን። የተሳሳትናቸውን ልንገራችሁ። (ዓ.ም ካላልኩ ዓመቱ የፈረንጅ ነው።)

መጀመሪያ ስሙ። አንዱ ጓደኛችን የመኪና ተወዳዳሪውን ማክስ ቬርስታፐንን ሲጠብቅ ሩብ ሰዓት ፈጀ። ይሄኛው ማክስ ከ1993 እስከ 2009 የመኪና ውድድሮችን የሚያስተዳድረውን ዓለም አቀፉን የአውቶሞቢል ፌዴሬሽን የመራው ጠበቃ ነው።

ሁለተኛው ስህተት ይከፋል፤ አባትና ልጅን ማምታታት። አባቱ ኦስዋልድ ሞስሊ የእንግሊዝ ፋሺስቶች መሪ ነበር። ጣሊያን ሲወረን እንግሊዝ ማዕቀብ እንዳትጥልበት የቀሰቀሰ ሰው ነው። ይህን ስነግራቸው ቡና ሊጠጡ የመጡት ጎረቤታችን ስኒውን አስቀመጡት። አባታቸው አርበኛ ነበሩ። «ታዲያ የጠላት ልጅ ነዋ!» አሉ። በግንቦት 1940 እንግሊዞች ራሳቸው አባቱን ሲያስሩት ማክስ ገና የአርባ ቀን ልጅ ነበር። «ክርስትና በሚነሳበት ቀን?» አሉና ዝም አሉ። ከስምንት ወር በኋላ፣ ጥር 1933 ዓ.ም፣ ንጉሡ በእንግሊዞች እርዳታ በኦሜድላ በኩል ወደ ጎጃም ገቡ።

ግን ልጁን ጭራሽ ነፃ ማውጣትም አያዋጣም። በ1962 የአባቱ ስብሰባ ላይ ጠብ ተነስቶ ታስሯል። አባቴን ስከላከል ነው ብሎ ተከራከረና ተለቀቀ። ያኔ 22 ዓመቱ ነው፤ ሕፃን አይባልም።

ሌላው፣ ማን እየተናገረ እንደሆነ አለማየት ነው። ስለ መኪና ተወዳዳሪው አይርተን ሴና የሚያወራው «ሴና» የሚለው የ2010 ፊልም የተሠራው በድሮ ምስሎች ነው፤ አስተያየት ሰጪዎቹ ድምፃቸው ብቻ ይሰማል። እዚህ ግን ባለታሪኩ ራሱ ካሜራ ፊት ተቀምጦ ስለ ራሱ ያወራል። አንደበቱ ደግሞ የጠበቃ ነው! ማር ነው።

የመጨረሻው፣ የመኪና ግጭት ሙከራውን «ይሄ ይደብራል» ብሎ ማሳለፍ ነው። ተወዳዳሪዎቹ ራትዘንበርገርና ሴና በ1994 ጣሊያን ውስጥ በኢሞላ የውድድር ሜዳ ላይ በተከታታይ ቀን ሞቱ። ከዚያ ሞስሊ የውድድሩን ደህንነት አጠበቀ፤ የተራ ሰው መኪና ላይም ዞረ። ዩሮ ኤንካፕ የተባለው ድርጅት የመጀመሪያው ሊቀመንበር እሱ ነው። መኪናውን ከግንብ ጋር ያጋጩና እንደ ደህንነቱ ኮከብ ይሰጡታል። በ1997 ሮቨር 100 ያገኘው አንድ ኮከብ ብቻ ነበር።

እኛም ልናሳልፈው ስንል፣ በሚኒባስ ዓባይ በረሃን የሚመላለሰው ጓደኛችን «መልሱት» አለ። የመኪናው መሪ በሰው ፈንታ ወደተቀመጠው አሻንጉሊት ደረት ሲመጣ ሁለቴ አየው። ሦስተኛውን ሊያይ ሲል መብራት ሄደ።