ጦረኛውን ማን ያበላዋል? ለምናባዊ ዓለም ወታደር ገዢዎችን ስንፈጥር ልናስወግዳቸው የሚገቡ ስህተቶች

የጀማሪ ደራስያንን ረቂቅ ማንበብ ከጀመርሁ ዓመታት ተቆጥረዋል። ከሚደርሱኝ ምናባዊ ልቦለዶች በብዙዎቹ አገሩን የሚገዛው በጎራዴና በፈረስ የታወቀ የጦረኞች መደብ ነው፤ ስሙና ዓርማው ይለያይ እንጂ ስህተቱ አይለያይም። በቅርቡ ያነበብሁት ረቂቅ አሥር ሺህ ፈረሰኞችን ሣር በማይበቅልበት አለት ላይ ሦስት መቶ ዓመት ያኖራቸዋል። በአራት መቶ ገጽ ውስጥ አንድም ገበሬ፣ አንድም ጎተራ፣ አንዲትም እህል የምትፈጭ ሴት አላገኘሁም።

ከሁሉ የከፋው ስህተት ይህ ነው። አንድ የጦር ፈረስ በቀን አሥር ኪሎ ያህል መኖና ሠላሳ ሊትር የሚጠጋ ውኃ ይፈልጋል። አሥር ሺህ ፈረስ እንግዲህ በየቀኑ 100 ቶን መኖ ይጨርሳል፤ ሰዎቹ ገና አልበሉም። ይህን ሁሉ የሚያርስ፣ የሚያጭድና የሚያጓጉዝ ሕዝብ የግድ አለ፤ ያ ሕዝብ ለምን እንደሚገብርና ባይገብር ምን እንደሚደርስበት ደራሲው ካላወቀ የገዢዎቹን ጠባይም ሊያውቅ አይችልም። የጥንቷን የግሪክ ከተማ የስፓርታን እርሻ የሚያርሱት ሄሎት የሚባሉ ባሪያ መሰል ገባሮች ከጌቶቻቸው እጅግ ይበዙ ነበር፤ የግሪኩ ታሪክ ጸሐፊ ሄሮዶቱስ ከፋርሶች ጋር በተደረገው የፕላቴያ ዘመቻ ለእያንዳንዱ ስፓርታዊ ሰባት ሄሎት ተመድቦ እንደነበር ጽፏል። ሌላው የጥንት ጸሐፊ ፕሉታርክ እንደሚለው ደግሞ የስፓርታ ሹማምንት በየዓመቱ በሄሎቶች ላይ ጦርነት ያውጁ ነበር፤ ይህም ሄሎት የገደለ ሰው በደም እንዳይረክስ ነው። የዚያ ሁሉ ብርቱ ሥልጠና አንዱ ምንጭ ጓዳቸውን የሞላውን ሰው መፍራታቸው እንደነበረ አምናለሁ። በእኛም አገር ቢሆን ጉልት በመሠረቱ ከመሬቱ የሚገኘውን ግብር የመቀበል መብት ነበር፤ ወታደር በገበሬ ቤት ገብቶ እንዲቀለብ መደረጉም ብዙ ምሬት አስከትሏል፤ ዐፄ ምኒልክ አሥራትን፣ ማለትም ከምርቱ አንድ አሥረኛውን መገበርን የደነገጉት ያንን ለማስቀረት ነው። ይህ ታሪክ ያለው አገር ልጅ ገበሬ የሌለበት ግዛት ሲጽፍ ሳይ ከልቤ አዝናለሁ። ጀግናችሁን አንድ ምሽት በአንዲት ባልቴት ቤት አሳድሩት፤ እርሱ እራቱን ሲጠብቅ እርሷ በጎታው የቀረውን እህል በዓይኗ ትለካ። ያ ትዕይንት ከሦስት የጦር ሜዳ ምዕራፎች ይልቅ ስለ መደቡ ይነግረናል።

ሁለተኛውን ስህተት እኔም ሠርቼዋለሁ። በመጀመሪያው ረቂቄ የጦረኞቼ ማኅበር አባላት ላለማግባትና ላለመውለድ ምለው ስድስት መቶ ዓመት ገዙ። አንዲት አንባቢ «አዲሶቹ ከየት ይመጣሉ?» ብላ ስትጠይቀኝ መልስ ስላልነበረኝ ሙሉውን እንደገና ጻፍሁት። እ.ኤ.አ. ከ1250 እስከ 1517 ግብፅንና ሶርያን የገዙት ማምሉኮች ለዚህ ጥያቄ መልስ ነበራቸው። ልጆችን ከቂፕቻክ የሣር ምድር፣ ኋላም ከሰርካሲያ በባርነት እየገዙ በጦር ሰፈር ያሠለጥናሉ፤ ሥልጠናው ሲያበቃ ነፃ ያወጧቸውና ፈረስና መሣሪያ ይሰጧቸዋል። ነፃ ሆኖ የተወለደው የማምሉክ ልጅ ግን በደንቡ የአባቱን ቦታ አይወርስም። እንግዲህ ልጁን የሚወድ አሚር፣ ማለትም የማምሉክ የጦር አዛዥ፣ ምን ይተውለት? ብዙዎች ሀብታቸውን ለመስጊድና ለትምህርት ቤት በወቅፍ፣ ማለትም በማይሸጥ በማይወረስ የሃይማኖት ስጦታ፣ እየሰጡ ዘሮቻቸውን አስተዳዳሪ ያደርጉ ነበር፤ ዛሬ በካይሮ ከምናያቸው ታላላቅ ሕንፃዎች ከፊሉ የዚህ የአባትነት ጭንቀት ፍሬ ነው። አንድ የውርስ ደንብ ይህን ያህል ታሪክ ይወልዳል። መተኪያ ያጣ መደብ ምን እንደሚሆን ማየት የሚፈልግ ወደ ስፓርታ ይመለስ፦ ለጋራ ማዕድ የሚጠበቅበትን ድርሻ ማዋጣት ያቃተው ሰው የሙሉ ዜጋ መብቱን ያጣ ስለነበር የሙሉ ዜጎቹ ቁጥር ከዓመት ዓመት አነሰ፤ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ371 በሌውክትራ ጦርነት ከተሰለፉት 700 ያህል ሙሉ ዜጎች 400ው ሲወድቁም የሚተካቸው አልተገኘም።

ጦረኞቹን ሁሉ አንድ ልብ ማድረግም ስህተት ነው፤ አዲስ የማምሉክ ሱልጣን የቀድሞውን ሱልጣን ሰዎች ገፍቶ የራሱን ምልምሎች ይሾም እንደነበር ማስታወስ ይበቃል።

ሰላምን መርሳት ደግሞ አለ። በብዙ ረቂቆች ጦርነቱ ሲያበቃ መጽሐፉም ያበቃል፤ የጃፓን ሳሙራዮች ግን በቶኩጋዋ ዘመን ከሁለት መቶ ዓመት በላይ ብዙም ጦርነት ሳያዩ ገዢ መደብ ሆነው ኖረዋል። ሁለት ሰይፍ እንደታጠቁ ጸሐፊና መዝገብ ያዥ ሆኑ፤ በሩዝ የሚለካው ደመወዛቸው ሳይበቃቸው ሲቀር በማዕርግ ከሚያንሳቸው ነጋዴ ተበደሩ። የአያቱን ጀግንነት እያወራ አበዳሪው ደጁ እንዳይመጣ የሚጸልይ ጦረኛ ብትጽፉልኝ በደስታ አነባለሁ።

በመጨረሻ፣ ማዕርግ ከባዶ ድምፅ አይሠራም። ፊታውራሪ ከፊት የሚመራው፣ ቀኛዝማችና ግራዝማች የቀኝና የግራ ክንፍ አዛዦች ነበሩ፤ ከሰልፉ የወጡት ስሞች ኋላ የአገር ገዢዎች መጠሪያ ሆኑ። ያን ባለ አለት ምሽግ ረቂቅ ለጻፈችው ልጅ ይህንኑ ነገርኋትና ሹማምንቷ ጥንት በሰፈሩ ውስጥ ምን ይሠሩ እንደነበር ጠየቅኋት። ከወራት በኋላ በላከችው ረቂቅ የአገሩ ታላቅ መስፍን «ባለ ጉድጓድ» ይባላል፤ ቅድመ አያቱ ፈረሶቹ የሚጠጡበትን ውኃ ይጠብቅ የነበረ ሰው ነው፤ ከምሽጉ በታችም አሁን የገብስ ማሳ አለ።