አሸዋ ጭኖ የተያዘ መኪና፦ በህንድ ሕግ ሊወገዱ የሚገባቸው ስህተቶች

በህንድ ወንዞች ዳር ሌሊት አሸዋ ሲጭን የተያዘ ትራክተርና ገልባጭ መኪና የዘወትር ዜና ነው። ከተያዘ በኋላ በመኪናው ላይ የሚወስነው ማን እንደሆነ ግን ባለንብረቱም፣ አንዳንዴ ጠበቃውም ስለሚምታታበት የማይመለከተው ቢሮ ደጅ ሲጠና ይከርማል። (ዓመቶቹ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

የያዘው አካል ይወርሳል ብሎ ማሰብ። ዋናው ስህተት ይህ ነው። የ1957ቱ የማዕድን ልማትና ቁጥጥር ሕግ በአንቀጽ 21 መያዝንና መውረስን ለያይቶ ነው ያስቀመጠው። ንዑስ አንቀጽ 4 ያለ ፈቃድ ማዕድን ያጓጓዘን ተሽከርካሪ በተለይ ሥልጣን የተሰጠው ሹም እንዲይዝ ይፈቅዳል። መውረሱን ግን ንዑስ አንቀጽ 4ሀ ለፍርድ ቤት ሰጥቶታል፤ ያውም የወንጀሉን ክስ ለማየት ሥልጣን ላለው ፍርድ ቤት። ስለዚህ አንድ የማዕድን ቢሮ ሹም ይህንኑ አንቀጽ ጠቅሶ «መኪናህ ተወርሷል» የሚል ደብዳቤ ቢጽፍ፣ ሕጉ ያልሰጠውን ሥልጣን ነው የተጠቀመው። ደብዳቤው እጅ ሲገባ ከማኅተሙ በፊት የሚታየው የተጠቀሰው አንቀጽ ነው።

የግዛቱን ሕግ አለማየት። ተራ አሸዋ በህንድ እንደ ጠጠር ካሉት ንዑስ ማዕድናት ይመደባል፤ ስለ እነዚህ ደንብ የሚያወጡት ግዛቶቹ ናቸው። በደቡብ ህንድ ያለችው የኬረላ ግዛት ደግሞ ከ2001 ጀምሮ የወንዝ ዳርቻን የሚጠብቅና የአሸዋ ማውጣትን የሚቆጣጠር የራሷ ሕግ አላት። በዚያ ሕግ ፖሊስም ሆነ የአስተዳደር ሹም መኪናውን መያዝ ይችላል፤ የመውረሱም ሂደት የሚጀምረው በአስተዳደሩ በኩል ነው። ኬረላ ውስጥ ለተያዘ መኪና የፌዴራሉን ሕግ ብቻ ይዞ መከራከር ጊዜ ማባከን ነው።

ፖሊስን አያገባውም ማለት። መነሻው የ1957ቱ የማዕድን ሕግ አንቀጽ 22 ነው፦ ሥልጣን የተሰጠው ሰው በጽሑፍ አቤቱታ ካላቀረበ ፍርድ ቤት በዚህ ሕግ የቀረበን ክስ አይቀበልም። ክርክሩ ላይ ላዩን ሲታይ ጥሩ ይመስላል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ግን በ2014 በሳንጃይ መዝገብ አልተቀበለውም። ከወንዝ ውስጥ ያለው አሸዋ የመንግሥት ንብረት ስለሆነ፣ ያለ ፈቃድ ማውጣት ከማዕድን ጥፋቱ ሌላ ስርቆትም ይሆናል፤ ስርቆትን ለመመርመር ፖሊስ የማንንም አቤቱታ አይጠብቅም። እንደኔ ፍርዱ ትክክል ነው፤ አለዚያ ሌሊት ላይ የሚጫነውን አሸዋ ማንም አያስቆመውም ነበር።

ቅጣት ከፍዬ ጨርሻለሁ ማለት። አንቀጽ 23ሀ ገንዘብ ከፍሎ ጉዳዩን በስምምነት መዝጋት ይፈቅዳል። ይህ ግን የሚሠራው ለማዕድን ሕጉ ጥፋት ብቻ እንደሆነ በ2020 በጃያንት መዝገብ ተወስኗል። የስርቆቱ ክስ እንዳለ ይቀጥላል፤ ደረሰኝ አያስቀረውም።

መኪናውን ጣቢያ ግቢ ረስቶ ፍርድ መጠበቅ። ጎማው ሲተነፍስ፣ ባትሪው ሲሞት፣ መለዋወጫው አንድ በአንድ ሲጠፋ ይሰነብታል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2002 በሱንደርባይ ዴሳይ መዝገብ የተያዙ ተሽከርካሪዎች ግቢ ውስጥ መበስበስ እንደሌለባቸው፣ ፎቶ ተነሥተውና ቃለ ጉባኤ ተይዞ በዋስትና እንዲለቀቁ መመሪያ ሰጥቷል። አቤቱታው ቀድሞ በወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 451 ወይም 457 ነበር የሚቀርበው፤ ከጁላይ 1 ቀን 2024 ወዲህ በአዲሱ የሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 497 እና 503 ሆኗል። የድሮውን ቁጥር እየጻፉ የሚያስገቡ ዛሬም አይጠፉም። መለቀቁን ግን እንደ መብት አትቁጠሩት፤ የማድራስ (የታሚል ናዱ ግዛት) ከፍተኛ ፍርድ ቤት በ2018 በሕገወጥ አሸዋ የተያዙ መኪኖች እንዳይለቀቁ እስከማዘዝ ደርሷል።

የተለቀቀውን መኪና መሸጥ። በዋስ የወጣ መኪና ገና ሊወረስ ይችላል። ፍርድ ቤቱ አብዛኛውን ጊዜ እንዳይሸጥ፣ ቅርጹም እንዳይለወጥ አዞ ነው የሚለቀው፤ በተጠራ ጊዜ ካልቀረበ የተያዘው ዋስትና ገቢ ይሆናል።