ወንዝ ዳር ያሉ ቤቶችን በጂአይኤስ እንዴት መለየት ይቻላል? የግንፍሌና የቀበና ምሳሌ

ግንፍሌና ቀበና ከእንጦጦ ወርደው በአራት ኪሎ በስተምሥራቅ ያልፋሉ። ክረምት ሲገባ ለውኃው የቀረቡት ቤቶች የትኞቹ እንደሆኑ ማወቅ ለወረዳ ፕላን ባለሙያም፣ ለጤና ተመራማሪም፣ ለነዋሪውም ይጠቅማል። ሐኪሙ ጆን ስኖው በ1854 እ.ኤ.አ. ለንደን ውስጥ በኮሌራ የሞቱትን በካርታ ላይ አስፍሮ፣ ሞቱ በአንድ የውኃ ፓምፕ ዙሪያ እንደበዛ አሳይቷል። ጂአይኤስም መሠረቱ ይኸው ነው፤ የነገሮችን ቦታ ከመረጃቸው ጋር አያይዞ ምን ከምን ምን ያህል እንደሚርቅ ያሰላል።

የሚያስፈልገው 8 ጊጋባይት ራም ያለው ኮምፒውተር፣ ኢንተርኔትና ኪውጂአይኤስ የተባለው ነፃ ሶፍትዌር ነው።

1. መረጃውን ያውርዱ። በኪውጂአይኤስ ላይ ኩዊክ ኦኤስኤም የተባለውን ፕለጊን (ተጨማሪ መሣሪያ) ይጫኑ፤ መረጃውን በጎ ፈቃደኞች ከሚሠሩት ነፃ የዓለም ካርታ፣ ከኦፕንስትሪትማፕ፣ ያመጣል። መጀመሪያ የኦፕንስትሪትማፕን ካርታ ከሥር ከፍተው ወደ አራት ኪሎና ቀበና ያቅርቡና ፍለጋውን በስክሪኑ ላይ በሚታየው ቦታ ብቻ ይገድቡት። ከተማውን በሙሉ ከጠየቁ ሰርቨሩ ብዙ ጊዜ ሳይመልስ ይቋረጣል። ለወንዞቹ «ዋተርዌይ»፣ ለቤቶቹ «ቢልዲንግ» የሚለውን ቁልፍ ይምረጡ። የሚመጣው ሌየር (የካርታ ንብርብር) ጊዜያዊ ስለሆነ ፕሮግራሙ ሲዘጋ ይጠፋል፤ ወዲያው ያስቀምጡት። ሲያስቀምጡ ከፋይል ዓይነቶቹ ከሼፕፋይል ይልቅ ጂኦፓኬጅን ይምረጡ። ሼፕፋይል የዓምድ ስምን ከ10 ፊደል በላይ አይቀበልም፤ የአማርኛ ጽሑፍንም አንዳንድ ጊዜ ወደ ጥያቄ ምልክት ይለውጠዋል።

2. ፕሮጀክሽኑን፣ ማለትም ክቧ ምድር በጠፍጣፋ ካርታ ላይ የምትሰፍርበትን ዘዴ፣ ያስተካክሉ። ብዙ ሥራ የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው። የወረደው መረጃ በዲግሪ ነው፤ በዲግሪ ላይ «30» ብለው ርቀት ቢሰጡ ሶፍትዌሩ 30 ዲግሪ፣ ማለትም ከ3,300 ኪሎ ሜትር በላይ ይወስዳል። ስለዚህ ሁለቱንም ሌየሮች «ሪፕሮጀክት» በሚለው መሣሪያ በሜትር ወደሚለካው ደብልዩጂኤስ 84 ዩቲኤም ዞን 37 ሰሜን (መለያ ቁጥሩ ኢፒኤስጂ 32637) ይለውጡ። «ሴት ሌየር ሲአርኤስ» የሚለውን እንዳይነኩ፤ እሱ ስሙን እንጂ ቁጥሮቹን አይለውጥም። ትክክል መሆኑን ለማየት የፕሮጀክቱንም ሲአርኤስ (የቦታ መለኪያ ሥርዓት) ወደዚሁ ቁጥር ቀይረው ማውዙን አራት ኪሎ ላይ ያሳርፉ፤ ምሥራቁ ወደ 474,000፣ ሰሜኑ ወደ 999,000 ሜትር ማንበብ አለበት።

የቆየ ካርታ ወይም የቆየ የይዞታ ፋይል ከጨመሩ ደግሞ ሌላ ነገር ይመጣል። የቀድሞዎቹ የአገራችን 1:50,000 ካርታዎች የተሠሩት አዲንዳን በተባለ የቆየ ዳተም (የቦታ መለኪያ መነሻ) ነው። ቁጥሩ ያንኑ ስለሚመስል ስህተቱ በቀላሉ አይታይም፤ ነገር ግን እንደ ደብልዩጂኤስ 84 ከተከፈተ ቦታው ከ200 ሜትር በላይ ወደ ደቡብ ምዕራብ ይሸሻል። 200 ሜትር ማለት ቤቱን ከወንዙ ወዲያ ማዶ ሊያደርሰው ይችላል! «ሴት ሌየር ሲአርኤስ» የሚያገለግለው እዚህ ላይ ነው፤ እንዲህ ያለውን ፋይል መጀመሪያ በእሱ ኢፒኤስጂ 20137 ነው ብለው ያስታውቁ፣ ከዚያ ሪፕሮጀክት ያድርጉ።

3. የወንዙን መስመር ያርሙ። ከሥር የሳተላይት ምስል ያንጥፉና መስመሩ ውኃውን ተከትሎ መሄዱን በዓይን ያረጋግጡ። ከሳተ በኤዲት ሁኔታ ነጥቦቹን ይጎትቱ።

4. በፈር፣ ማለትም ከወንዙ እስከ ተወሰነ ርቀት ያለውን ቀጠና፣ ያውጡ። «ቬክተር» ከሚለው ሜኑ በፈርን ይክፈቱ፣ ርቀቱን 30 ሜትር ያድርጉ፣ ተደራራቢ ቀጠናዎችን ወደ አንድ የሚያዋህደውን «ዲዞልቭ» የሚለውንም ምልክት ያድርጉበት። 30 ለምሳሌ የተወሰደ ነው፤ ለሥራ ከሆነ በከተማው ፕላን የተወሰነውን ርቀት ጠይቀው ያስገቡ። ልኬቱ የሚጀምረው ከወንዙ መሀል መሆኑንም አይርሱ፤ ወንዙ 10 ሜትር ቢሰፋ፣ 30 ሜትር ማለት ከዳሩ 25 ሜትር ነው።

5. ቤቶቹን ይለዩ። «ኤክስትራክት ባይ ሎኬሽን» የሚለውን ከፍተው ቤቶቹን ከበፈሩ ጋር ያገናኙ። «ኢንተርሴክት» ከመረጡ በፈሩን በጥቂቱ የነካ ቤትም ይገባል፤ «ዊዚን» ከመረጡ ሙሉ በሙሉ ውስጡ ያለው ብቻ። ለጥንቃቄ የመጀመሪያው ይሻላል። የቅርጽ ስህተት አለ ብሎ ካቆመ «ፊክስ ጂኦሜትሪስ» አሠርተው ይድገሙት።

የተገኘው ዝርዝር የቅርበት እንጂ የጎርፍ ካርታ አይደለም። ከገደል አፋፍ ላይ ያለ ቤትና ከውኃው እኩል ያለ ቤት በርቀት አንድ ሊሆኑ ይችላሉ፣ በአደጋ ግን አይገናኙም። በነፃ የሚገኘው፣ እያንዳንዱ ፒክስሉ (የምስል ነጥቡ) 30 ሜትር የሚሸፍን የከፍታ መረጃም እዚህ ብዙ አይረዳም፤ ሸለቆው በብዙ ቦታ ከአንድ ፒክስል ብዙም አይሰፋምና አፋፉና ወለሉ አንድ ቁጥር ሆነው ይቀላቀላሉ።

6. ወርደው ያረጋግጡ። ኪውፊልድ የተባለውን መተግበሪያ በስልክ ጭነው ዝርዝሩን ይዘው ይሂዱ። የስልክ ጂፒኤስ በገላጣ ቦታ 5 ሜትር ገደማ ይስታል፤ በሸለቆና በረጃጅም ሕንፃ ሥር ምልክቱ ስለሚንጸባረቅ ከዚያ ይብሳል። ቦታውን በጣራው ቅርጽ ይለዩ። የተጣበቁ ቆርቆሮ ጣራዎች በምስል ላይ አንድ ቤት ስለሚመስሉ በር እየቆጠሩ ይመዝግቡ። በቅርብ ዓመታት በኮሪደርና በወንዝ ዳር ልማት ብዙ ቤት ስለፈረሰ፣ በካርታው ላይ ያለ ቤት በመሬት ላይ ላይኖር ይችላል።

7. ያትሙ። በ1:5,000 መጠን 1 ሴንቲ ሜትር 50 ሜትር ነው፤ በፈሩ በወንዙ ግራና ቀኝ 6 ሚሊ ሜትር ሆኖ በግልጽ ይታያል። ጽሑፉን በአቢሲኒካ ፎንት ያድርጉና የመጠን መለኪያ፣ የሰሜን ቀስት፣ መረጃው የወረደበትን ቀንና የኦፕንስትሪትማፕን ስም ያስገቡ፤ ስሙን መጥቀስ የፈቃዱ ግዴታ ነው።